ከታችኛው እርከን የመጡ ሻምፒዮኖች

የ2009 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ሲያልቅ ሦስት የእግር ኳስ ክለቦች ከሁለተኛው እርከን ከከፍተኛ ሊግ ወደ ፕሪምየር ሊግ አደጉ፦ ወልዋሎ ዓዲግራት ዩኒቨርሲቲ፣ ጅማ ከተማ እና መቐለ ከተማ። በዓመቱ ጅማ፣ ስሙን አባ ጅፋር ብሎ፣ የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ሆነ። በተከታዩ ዓመት ዋንጫውን መቐለ፣ እሱም ስሙን 70 እንደርታ ብሎ፣ አነሳ። ከእነሱ አንድ ዓመት ቀድሞ በዚያው በር የገባው ፋሲል ከነማም በ2013 ዓ.ም. ተራው ደረሰው። ከፍተኛ ሊግ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት ብቻ ሦስት ሻምፒዮን አሳድጎ ለቀቀ ማለት ነው።

በዚህም አላበቃም። ከ2010 እስከ 2017 ዓ.ም. ሰባት የፕሪምየር ሊግ ዋንጫዎች ባለቤት አግኝተዋል፤ የ2012ቱ ውድድር በኮሮና ምክንያት ተሰርዟል። ከሰባቱ ሁለቱን ቅዱስ ጊዮርጊስ ወሰደ። አምስቱን የወሰዱት ከጥቂት ዓመታት በፊት ከፍተኛ ሊግ ላይ የነበሩ ክለቦች ናቸው፤ ከላይ ከጠቀስኳቸው ሦስቱ ሌላ ኢትዮጵያ ንግድ ባንክ በ2016፣ ኢትዮጵያ መድን በ2017። ንግድ ባንክ እንደ ጅማ ሁሉ ባደገ በዓመቱ ነው ያሸነፈው። ስለ ሊጋችን ሲወራ ወሬው ሁሉ ስለ ዋንጫው፣ ስለ ሜዳሊያው፣ በክፍት መኪና ስለተዞረበት ከተማ ነው። ቡድኑ የተሠራበት ቦታ ግን ይዘለላል። ቦታው ሁለተኛው እርከን ነው፤ የእሱን ታሪክ ቁጭ ብሎ የጻፈ ሰው ደግሞ እስካሁን አላጋጠመኝም።

ለነገሩ ሁለተኛ እርከን የሚባል ነገር ራሱ በአገራችን ዘግይቶ የመጣ ነው። በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ሻምፒዮና ሲካሄድ ተሳታፊዎቹ አምስት ብቻ ነበሩ፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ እና የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን። ዋንጫውን የወሰዱት እንግሊዞቹ ናቸው። ከአምስቱ በታች መውረጃ አልነበረም። ቀጥሎ በመጡት አሥርተ ዓመታት ጠቅላይ ግዛቶች ገቡ፤ ሐማሴን በ1947 አሸነፈ፣ የድሬዳዋ ጥጥ ፋብሪካ ቡድን በ1950ዎቹ ደጋግሞ ሻምፒዮን ሆነ። በዚያ ዘመን ከታች ወደ ላይ የሚያወጣው መንገድ በየጠቅላይ ግዛቱ የሚደረገው ማጣሪያ ነበር። ክለብ ሲባል ደግሞ በአብዛኛው ከኋላው ፋብሪካ፣ ጦር ወይም መሥሪያ ቤት ነበር።

የፋብሪካው ዘመን ዱካ እዚህ አዲስ አበባ፣ መካኒሳም አለ። ሰፈራችን በአልኮል ፋብሪካው ይታወቃል፤ ነፋሱ ወደ እኛ ሲዞር የሞላሰሱ ሽታ ቤት ድረስ ይገባል። የብሔራዊ አልኮል ሠራተኞች ቡድን እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ በኢትዮጵያ ሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽን (ኢሠማኮ) የሠራተኞች ውድድሮች ላይ ከአንበሳ አውቶቡስና ከብርሃንና ሰላም ጋር ሲጫወት ነው የምናውቀው። ሙገር ሲሚንቶን የመሰሉ የፋብሪካ ክለቦች ፕሪምየር ሊግ ድረስ ዘልቀዋል። ሠራተኛው ከሥራ ወጥቶ ልምምድ ይሠራል፣ ትጥቁን ድርጅቱ ይችላል። እግር ኳሳችን በዚህ አኳኋን ግማሽ ምዕተ ዓመት ኖሯል፤ ትልቅ ነገር ነው።

ፕሪምየር ሊግ በ1990 ዓ.ም. ሲጀመር የመጀመሪያውን ዋንጫ የወሰደው መብራት ኃይል ነው፤ እሱም የመሥሪያ ቤት ክለብ። ከሥሩ ብሔራዊ ሊግ ተዘረጋ። የብሔራዊ ሊግ ችግር በቅርጹ ነበር። ክለቦች በየዞናቸው ተከፋፍለው ከጎረቤቶቻቸው ጋር ይጫወታሉ፣ ከየዞኑ ያለፉት አንድ ከተማ ላይ ይሰበሰቡና ማጠቃለያ ውድድር ያደርጋሉ፣ እዚያ የቀናው ወደ ላይ ያድጋል። ዓመቱን ሙሉ የለፋ ቡድን በጥቂት ቀናት ውስጥ አንድ ተከላካይ ቢጎዳበት፣ አንድ መለያ ምት ቢሳትበት ልፋቱ ሁሉ ውኃ በላው። ያለፈውም ቢሆን የረጅም ሊግ ልምድ ሳይኖረው ዘጠኝ ወር ወደሚፈጀው ፕሪምየር ሊግ ይገባና ሁለተኛው ዙር ላይ ጉልበቱ ይከዳዋል።

ከፍተኛ ሊግ በ2008 ዓ.ም. ሲጀመር የመጣው ለውጥ እንግዲህ ይህ ነው፦ ሠላሳ ሁለት ክለቦች፣ ሁለት ምድብ፣ እያንዳንዱ ከአሥራ አምስት ተጋጣሚ ጋር በሜዳውና ከሜዳው ውጪ፣ ባጠቃላይ ሠላሳ ጨዋታ። ለአንድ ከተማ ክለብ ሠላሳ ጨዋታ ማለት አሥራ አምስት ጊዜ ተጫዋች ጭኖ አገር ማቋረጥ ማለት ነው። አውቶቡስ፣ ናፍጣ፣ ሆቴል፣ ውሎ አበል፣ የዳኛና የኮሚሽነር ክፍያ። ይህን ወጪ ሊሸፍን የሚችለው ዓመታዊ በጀት የያዘ አካል ነው፤ ያ አካል ደግሞ በብዙ ቦታ የከተማው አስተዳደር ሆነ። የክለቦቹን ዝርዝር ያየ «ከተማ» የሚለው ቅጥያ እንዴት እንደበዛ ይገነዘባል። በከተማ በጀት ክለብ ማስተዳደር ችግር አለው፤ ከንቲባ በተቀየረ ቁጥር ክለቡ ይናወጣል፣ ደመወዝ ይዘገያል፣ ተጫዋቹ ልምምድ ያቆማል። ይህን ችግር ላሳንሰው አልፈልግም። ነገር ግን ከአዲስ አበባ ውጪ ያለው ሕዝብ የእኔ የሚለው ክለብ ያገኘው በዚሁ መንገድ ነው።

በዚያው በ2008 ፕሪምየር ሊጉ ከአሥራ አራት ወደ አሥራ ስድስት ክለብ እንዲያድግ ተወስኖ ነበርና ሁለት ወርደው አራት ወጡ። የወረዱት ሀዲያ ሆሳዕና እና ዳሽን ቢራ ናቸው። የወጡት ፋሲል ከነማ፣ ወልድያ፣ ጅማ አባ ቡና እና አዲስ አበባ ከተማ። እዚህ ላይ ጎንደርን ልብ በሉ። ዳሽን ቢራ የጎንደር ክለብ ነበር፤ ፋሲልም የጎንደር ነው። ከተማዋ በአንድ የውድድር ዘመን የፋብሪካ ክለቧ ሲወርድ፣ ብዙም ሳይቆይ ሲፈርስ፣ በ1960 ዓ.ም. የተመሠረተው የከተማው ክለብ ወደ ላይ ሲወጣ አየች። እኔ በበኩሌ የእግር ኳሳችንን የዘመን ሽግግር ከዚህ በተሻለ የሚያሳይ አላውቅም። ቢራ ፋብሪካው ክለብ መያዝ ይበቃኛል ሲል የከተማው ቡድን ሜዳውንም፣ ደጋፊውንም፣ ስሜቱንም ተረከበ። ከአምስት ዓመት በኋላ ዐፄዎቹ የሚባሉት ፋሲሎች የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ሲሆኑ መካኒሳ ዋናው መንገድ ላይ ነጭና ቀይ ለብሶ ጡሩምባ የሚነፋ ሰው አይቻለሁ። እዚህ ሰፈር የሚኖር የጎንደር ልጅ ለካ ይህን ያህል ነው።

የቀሩት የሦስቱ ዕጣ ሌላ ነው። አባ ቡናና አዲስ አበባ ከተማ በዓመቱ ተመለሱ። ወልድያ ሁለት ዓመት ቆየ፤ በመጀመሪያው ዓመት፣ ጥር 2009፣ በሼህ ሙሐመድ ሁሴን ዓሊ አል-አሙዲ ስም የተሰየመው 25 ሺህ ያህል ተመልካች የሚይዝ ስታዲየም ተመረቀለት። በዘመኑ ብዙ የክልል ዋና ከተሞች ያላገኙትን ሜዳ አገኘ። በ2010 ግን ወልድያና መቐለ ሊገናኙ በነበረበት ቀን ከተማዋ ውስጥ በተነሳው ግጭት ሰው ሞተ፣ ጨዋታው ሳይካሄድ ቀረ፣ በዓመቱ መጨረሻም ክለቡ ወረደ። የአማራና የትግራይ ክለቦች ከዚያ በኋላ ለተወሰነ ጊዜ የሚገናኙት በገለልተኛ ሜዳ ሆነ። ከሁለተኛው እርከን የመጡ ክለቦች የከተማቸውን ፍቅር ይዘው እንደመጡ ሁሉ የአገሪቱንም ቁስል ይዘው መጡ፤ አንዱን ጽፎ ሌላውን መተው አይቻልም።

ወደ 2009ኙ የከፍተኛ ሊግ ዘመን ልመለስ፤ ታሪኩ የሚደራው እዚያ ነው። የምድብ አሸናፊዎቹ ወልዋሎና ጅማ በቀጥታ አለፉ። ሦስተኛውን ቦታ ለመለየት መቐለ ከተማና ሀዲያ ሆሳዕና ተጋጠሙ፣ መቐለ አሸነፈ። ሆሳዕና ሁለት ዓመት ጠብቆ በ2011 መጨረሻ ከሰበታና ከወልቂጤ ጋር አደገ። በዚያ አንድ ጨዋታ ውጤቱ ቢገለበጥ ኖሮ የ2011ዱን ዋንጫ ማን ያነሳው ነበር? ለእንዲህ ያለ ጥያቄ መልስ የለውም፤ የሁለተኛው እርከን አንድ ጨዋታ ምን ያህል እንደሚመዝን ግን ያሳያል።

ጅማ አባ ጅፋር በ2010 አሰልጣኝ ገብረመድህን ኃይሌን ይዞ፣ በናይጄሪያዊው ኦኪኪ አፎላቢ 23 ግብ ታግዞ፣ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር በነጥብ እኩል ሆኖ በግብ ልዩነት ዋንጫውን ወሰደ። ኦኪኪ የዓመቱ ኮከብ ግብ አግቢ ነበር። ከዚያ የአፍሪካ ሻምፒዮንስ ሊግ መጣ። የጅቡቲውን ቴሌኮም ጥሎ አለፈና ከግብፁ አል አህሊ ጋር ተገናኘ፤ ግብፅ ላይ 2 ለ 0 ተሸነፈ፣ በመልሱ 1 ለ 0 አሸነፈ። ወደቀ፤ ግን አል አህሊን የረታ ቡድን ሆኖ ወደቀ። ጊዜው ታኅሣሥ 2011 ነው፤ ከከፍተኛ ሊግ ከወጣ አንድ ዓመት ከመንፈቅ እንኳ አልሞላውም።

አሰልጣኝ ገብረመድህን በዚያው ዓመት ወደ መቐለ ተሻግረው የ2011ዱን ዋንጫ አነሱ። በ2017 ደግሞ ኢትዮጵያ መድንን ሻምፒዮን አደረጉ። ሦስት ዋንጫ፣ ሦስት የተለያየ ክለብ፣ ሦስቱም ከከፍተኛ ሊግ የመጡ። ሰውዬው ከታች የመጣን ቡድን በምን ዘዴ እንደሚያዋቅሩት ወጣት አሰልጣኞቻችን ቁጭ ብለው ሊማሩት ይገባል ብዬ ከልቤ አምናለሁ። ከታች የመጣ ተጫዋች ዝና የለውም፣ ደመወዙ ትንሽ ነው፣ ቀጣዩን ኮንትራት የሚያገኘው በዚህ ዓመት ሩጫው ነው። ያንን ረሃብ ከልምድ ካላቸው ጥቂት ነባሮች ጋር ማዋሃድ የቻለ ሰው ዋንጫ ይበላል።

የጅማ ደስታ ግን አልዘለቀም። በ2013 ወራጅ ቀጠና ውስጥ ገባ። ያን ዓመት የትግራይ ክለቦች በጦርነቱ ምክንያት ስላልተሳተፉ ክፍት ቦታ ነበር፤ እሱን ለመሙላት ከላይ ሊወርዱ የነበሩ ሦስትና ከከፍተኛ ሊግ ሦስት ክለቦች ተሰባስበው ተጫወቱ። ከታች ከመጡት አንዱ ጎረቤታችን ኮልፌ ቀራኒዮ ነበር። ከመካኒሳ ብዙ የማይርቅ ክፍለ ከተማ፣ በራሱ ስም ቡድን ይዞ፣ የፕሪምየር ሊግ በር ላይ ደርሶ ሲያንኳኳ ማየት ለእኛ ትንሽ ነገር አልነበረም። አልተሳካለትም፤ ቦታው ለአዳማ፣ ለወልቂጤና ለጅማ ጸና። ጅማም በዓመቱ ከሰበታና ከአዲስ አበባ ከተማ ጋር ወረደ። ከዋንጫ እስከ መውረድ አራት ዓመት።

አሁን ጨዋታው ራሱ ምን እንደሚመስል ልናገር። የአዲስ አበባ ክለቦች የከፍተኛ ሊግ ጨዋታዎች ኦሜድላ ሜዳ፣ መድን ሜዳ፣ አበበ ቢቂላ ስታዲየም ላይ ይደረጉ ነበር። ከጨዋታው በፊት ዳኛው ቲሴራ የሚባለውን የተጫዋች መታወቂያ በእጁ ይዞ ተጫዋቾቹን አንድ በአንድ ፊታቸውን ከፎቷቸው ያስተያያል። አምቡላንስ ካልቆመ ጨዋታ አይጀመርም፤ አምቡላንስ ሲጠበቅ ልጆቹ አንዴ ሞቀው አንዴ ይቀዘቅዛሉ። ኮሚሽነሩ ጥግ ላይ ወንበር ይዞ ይጽፋል። ተመልካቹ የተጫዋቾቹ ጓደኞች፣ የሰፈር ልጆች፣ አንዳንድ ደላሎች፣ ከሥራ የቀሩ ሁለት ሦስት ሽማግሌዎች ናቸው። አሰልጣኙ የሚናገረው እያንዳንዱ ቃል ይሰማል። «ጀርባህን እይ!» ሲል ልጁ ዞር ይላል፣ ተመልካቹም ዞር ይላል። ሳሩ በሳሳበት በኩል ክንፍ ተጫዋቹ ሲሮጥ አቧራው ከኋላው ይነሳል። ክልል ስትወጣ ደግሞ ሌላ ዓለም ነው፤ ጎንደርና ጅማ ላይ በዚያን ዘመን ለሁለተኛ እርከን ጨዋታ የሚወጣው ሕዝብ የአዲስ አበባን የፕሪምየር ሊግ ጨዋታ የሚያስንቅ ነበር።

በ2013 ፕሪምየር ሊጉ በዲኤስቲቪ መታየት ጀመረ። መካኒሳ ውስጥ ዲሽ ያለው ቤት ሁሉ የእንግሊዙን ጨዋታ ጠብቆ በመሐል የእኛንም ያይ ጀመር፤ ጥሩ ለውጥ ነበር፣ ሲወቀስ ስሰማ ቅር ይለኝ ነበር። ከፍተኛ ሊጉ ግን ከካሜራው ውጪ ቀረ። ውጤቱን የሚከታተል ሰው ሬዲዮ ያዳምጣል ወይም እንደ ሶከር ኢትዮጵያ ያሉ ዘጋቢዎችን ይጠብቃል። እነዚህ ዘጋቢዎች ባይኖሩ ኖሮ ከላይ የዘረዘርኩት ግማሹ እንኳ አይታወቅም ነበር።

ለሁለተኛ እርከን መጨነቅ የእኛ ብቻ ጉዳይ አይደለም። አየርላንዶች ኸርሊንግ የሚሉት ጥንታዊ ጨዋታ አላቸው፤ በዱላ ኳስ ይመታል፣ ያየው ሐበሻ ወዲያው የገና ጨዋታን፣ ቆልማማውን ዱላና እሩሩን ያስታውሳል። ማኅበራቸው እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1884 ተመሥርቶ በ1888 የመጀመሪያውን የአገር አቀፍ ፍጻሜ አካሄደ። ጨዋታው ግን በጥቂት አውራጃዎች እጅ ስለነበር ደካሞቹ በየዓመቱ በሰፊ ልዩነት እየተሸነፉ ይሸኙ ነበር። በ2005 ለእነሱ የሚሆን ሁለተኛ እርከን ዋንጫ በታላቁ የኮርክ ተጫዋች በክሪስቲ ሪንግ ስም ተቋቋመ፤ የመጀመሪያውን ዌስትሚዝ ዳውንን አሸንፎ ወሰደ። በ2018 ይህ እርከን በጆ ማክዶና ስም እንደገና ተዋቀረ፤ አዲሱ ሐሳብ ለፍጻሜ የደረሱት ሁለቱ በዚያው ክረምት ከትልልቆቹ ጋር የመጫወት ዕድል ማግኘታቸው ነበር። በዓመቱ ሊሽ የሁለተኛውን እርከን ዋንጫ ባነሳ በቀናት ውስጥ ደብሊንን ጣለ። ክረምቱን ሙሉ የተወራው ስለዚያ ነው።

እኔን የሚገርመኝ፣ አየርላንዶች ሁለተኛውን እርከን ሲያቋቁሙ የታላላቅ ተጫዋቾቻቸውን ስም ሰጡት፤ ፍጻሜውን በትልቁ ስታዲየማቸው አካሄዱት። የእኛ ገና ጨዋታ ደግሞ ከጃንሜዳና ከባህል ስፖርት ውድድር ወጥቶ እንዲህ ያለ እርከን አላገኘም፤ ይህ ራሱን የቻለ ጽሑፍ ይፈልጋል። እግር ኳሳችን ግን እርከኑ አለው፣ ክለቦቹ አሉ፣ ሻምፒዮን እያወጣም ነው። የጎደለው ክብሩ ነው።

ክብር ስል ጨዋታውን ማሞገስ ማለቴ አይደለም። ከታች ያደገ ክለብ ሁሉ እንደ ንግድ ባንክ አይሆንም። ለገጣፎ ለገዳዲ በ2014 አድጎ በ2015 ወረደ። ሀምበሪቾ ዱራሜና ሻሸመኔ ከተማ ከንግድ ባንክ ጋር በአንድ ዓመት አድገው፣ ባንኩ ዋንጫ ሲያነሳ እነሱ ሁለቱም ተመለሱ። ልዩነቱ ለማንም ግልጽ ነው፤ አንዱ ባንክ አለው፣ ሁለቱ የከተማ በጀት። ንግድ ባንክ ራሱ በ2009 ወርዶ የወንዶቹ ቡድን ፈርሶ ነበር፤ እንደገና ተቋቁሞ ተመልሶ ሻምፒዮን ለመሆን የቻለው አቅም ስላለው ነው። መድንም እንዲሁ የመሥሪያ ቤት ክለብ ነው። ስለዚህ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት የከተማ ክለቦችን ሲያወጡ የኋለኞቹ የመሥሪያ ቤት ክለቦችን መልሰው አመጡ። ጅማ፣ መቐለና ፋሲል ያደረጉትን ነገ ሌላ የከተማ ክለብ ይደግመው ይሆን የሚለው ጥያቄ በገንዘብ አከፋፈሉ ላይ የተንጠለጠለ ነው፤ የቴሌቪዥኑ ገቢ ላይኛው ሊግ ላይ ሲቀር ታች ያለው ክለብ ናፍጣ የሚሞላው በከንቲባው ደብዳቤ ነው።

ከሁሉም በፊት ግን የ2008 እና የ2009 ሰነዶች ይሰብሰቡ። ለእያንዳንዱ ጨዋታ የኮሚሽነር ሪፖርት ተጽፏል፤ አሰላለፍ፣ ግብ ያገባው ልጅ፣ ደቂቃው፣ ካርዱ ሁሉ እዚያ ላይ ሰፍሯል። ሁለት ምድብ፣ በእያንዳንዱ 240 ጨዋታ፣ በዓመት 480 ወረቀት። ፌዴሬሽኑ ከየክለቡ ጽሕፈት ቤት፣ ከጎንደር፣ ከጅማ፣ ከመቐለ፣ ከወልድያ፣ ከሆሳዕና አሰባስቦ በአንድ መጽሐፍ ማሳተም ይችላል። መቐለና ሆሳዕና የተጋጠሙበትን ጨዋታ የተጫወቱት ልጆች ዛሬም አሉ፤ አንዳንዶቹ ታዳጊ እያሠለጠኑ ነው፤ ወረቀቱ የማይናገረውን እነሱን መጠየቅ ነው።